ቁራ የናቀው ሩዝ

«ሻይሽ በረደ እኮ ልጄ፤ ጠጪው እንጂ» አሏት የሟች አክስት እትዬ ሲንዱ። ዐይናቸው ግን ሻዩ ላይ ሳይሆን የኩንዳ አንገት ላይ ነበር። በአገሩ ወግ ባል ሲሞት የሚበጠሰውን የጋብቻ ዶቃ ኩንዳ ከዓመታት በፊት ራሷ አውልቃዋለች፤ ሴቶቹ የሚበጥሱት አጥተው ተቸግረዋል።

በሩ ሥር ሁለት ሴቶች ይንሾካሾካሉ።

«እንግዲህ ሐዘንተኛ ናት ወይስ ከሳሽ?»

«ሁለቱንም። ዳኛው ቀለብ ፈረደላት እንጂ አላፋታቸውም።»

ትናንት «የፍርድ ቤቷ» ሲሏት የኖሩ አፎች ናቸው ዛሬ ትከሻዋ ላይ ተደፍተው የሚያለቅሱት። ኩንዳ ስኳር የበዛበትን ሻይ ፉት አለችና መልሳ አስቀመጠችው።

የሟች ታናሽ ወንድም ዲናናት ጥርሱን በክብሪት እንጨት እየጎረጎረ መጣ። ባሏ ቫማን ሲሞት መኪና ልኮ ያስመጣት እሱ ነው።

«እትዬ ኩንዳ፣ ነገ የሟች ሩዝ ለቁራ ሲቀርብ ወንዝ አንቺም ትወርጃለሽ።»

«ሴት አትወርድም ትሉ አልነበር?»

«ጊዜው ተለውጧል።» ጎንበስ አለ። ትንፋሹ ትምባሆ ትምባሆ ይላል። «ቁራው ሩዙን አልነካ ካለ፣ 'ክሱን ትቻለሁ' በይው። በሰው ፊት። የወንድሜ ነፍስ በፍርድ ቤት ገመድ ታስራ እንዳትቀር። ሌላ ምን ጠየቅሁሽ?»

ቫማን ያልከፈለው ቀለብ ከእንግዲህ የሚጠየቀው ከቤቱ ነበር። ቤቱን ደግሞ በቁሙ በዲናናት ስም አዙሮታል፤ ክሱ አሁን የሚይዘው ዲናናትን ነው። ኩንዳ ያላት አንዲት የኪራይ ክፍልና የልብስ ስፌት ብቻ ነው፤ ዐይኗም መርፌ ውስጥ ክር ማስገባት እየተሳነው መጥቷል።

ያን ሌሊት የመጣባት የቫማን ፊት አልነበረም፤ እግሩ ነው። ዳኛው ፊት የቆመው በሽቦ በተሰፋ ነጠላ ጫማ ነበር። «ጌታዬ፣ ሥራ የለኝም። ጉርሴም ከወንድሜ እጅ ነው» አለ፤ ድምፁ እንኳ ሳይንቀጠቀጥ። ኩንዳ ጫማውን አወቀችው፤ የወንድማማቾቹ ሱቅ ተሸካሚ ጫማ ነው። ከችሎት ስትወጣ ቫማን የዲናናት መኪና በር ላይ ተቀምጦ የራሱን ቆዳ ጫማ ሲያስር ደረሰችበት። ያፍራል ብላ ነበር። ቀና ብሎ አያትና ፈገግ አለ። ከንዴቱ ይልቅ ያንን እግር ስንት ዘመን በእጇ ስታጥብ መኖሯ አስጠላት።

ወንዙ ዳር የዲናናት ሚስት በቅጠል ላይ ከሩዙ ጋር ጣፋጭ ደርድራለች። ቁራዎቹ ዛፉ ላይ ናቸው፤ አይወርዱም። ቁራ ካልነካው ሟች ልቡ የቀረበት ነገር አለ ማለት ነውና ዘመድ እየተነሣ ቃል መግባት ጀመረ።

«ወንድም ጋሼ፣ እናታችንን እኔ እጦራታለሁ» አለ ዲናናት። ቁራ የለም።

«ሙት ዓመትህን ደግሰን እናወጣለን» አሉ እትዬ ሲንዱ። ቁራ የለም።

«ሞተር ብስክሌቱ ለማን እንደደረሰ እየጠየቀ ይሆናል» አለ ከኋላ አንዱ። ሰዎች በነጠላቸው አፋቸውን ሸፍነው ሳቁ።

ዲናናት ዞረ። «እትዬ ኩንዳ፣ እንግዲህ አንቺን ነው የሚጠብቀው።»

ኩንዳ ወደ ሩዙ ቀረበች። በዚያ አገር ሚስት ባሏን በስሙ አትጠራም፤ እሷም ጠርታው አታውቅም ነበር።

«ቫማን» አለች። «ክሱን አልተውም። በቀጠሮዬ ቀን እሄዳለሁ። ያንተ ጣጣ በቁራ አፍ አያልቅም።»

«ኧረ በሞተ ሰው ፊት!» አሉ እትዬ ሲንዱ።

«በሕይወት እያለም ነግሬዋለሁ፣ እትዬ።»

ዲናናት እንትፍ አለ። ሥርዓቱን የሚመራው ካህን ፀሐዩን አይቶ ሰዓቱ እንዳለፈ አወቀና ከተቀደሰ ሣር ቁራ ጠምዝዞ ሠራ፤ በሣሩ አፍ ሩዙን ነካ አደረገ። «በላ፤ ደርሶታል» አለና ድርሻውን ተቀበለ። እንዲህ ባለው ቁራ ሁሉም ረክቶ ወደ መታጠቢያው ወረደ። ኩንዳ ብቻዋን ቀረች።

ጣፋጮቹን አየች። ቫማን ጣፋጭ አይወድም ነበር፤ ማንም አልጠየቃትም። እንደተጋቡ ሰሞን ከድስቱ ሥር ያረረውን ሩዝ በጣቱ ፍቆ፣ ግማሹን በእጁ ያጎርሳት ነበር። ያኔም ያ ፈገግታ ነበረው፤ ያኔ ግን ያምርበት ነበር።

የሳሪ ልብሷን ጫፍ ቋጠሮ ፈታች። ጠዋት ለምን እንደሆነ ሳታውቅ ከድስቱ ሥር የፈቀፈቀችው፣ ያረረ ሩዝ ነው። ከቅጠሉ ጠርዝ አስቀመጠችው።

አንድ ቁራ ወደ ታችኛው ቅርንጫፍ ዘለለ። ጥላዋ ሩዙ ላይ ወድቆ ነበርና ኩንዳ ቀስ ብላ ወደ ኋላ ፈቀቅ አለች፤ አሁንም ትንሽ ፈቀቅ፣ ጥላዋ ከቅጠሉ ላይ እስኪነሣ ድረስ።