የቀበሮዋ ልጅ ኪሞኖ

ኦቶሴ ስህተቱን ያየችው ፊልሙ መታየት ከጀመረ፣ አዳራሹም በሰው ጢም ካለ በኋላ ነው። ሸራው ላይ የቆመችው የልጇ የሺኖ ኪሞኖ የቀኙ ጠርዝ በግራው ላይ ተደርቧል። በጃፓን እንዲህ የሚለብስ ሬሳ ብቻ ነው።

ያለበሰቻት ራሷ ነበረች። የተዋንያኑ አልባሽ እሷ ናት። በቀረጻው ሰሞን የአማቷን አስከሬን አጥባ አልብሳ ስለነበር እጇ የሙት አለባበሱን እንደያዘ ቀርቷል። ፀሐይዋ ሳትጠልቅ ለመጨረስ ሲጣደፉ ማንም ልብ አላለም። ሺኖ ደግሞ ከዚያን ቀን ወዲህ ሳሉ አልለቀቃትም። ዛሬም ጎረቤት ትታት ነው የመጣችው።

«ኧረ ልጅቷን እዩአት! እንደ ሙት ነው ያለበሷት!» አለች ከፊት የተቀመጠች አሮጊት።

«ምን ዓይነት ሟርት ነው!» አለ ሌላ ሰው።

«አልባሿ ጠጥታ ይሆናል!» አንዱ ሲል አዳራሹ ሳቀ።

ኦቶሴ የምትፈራውን ነገር ሰው ሁሉ በአፉ ጠራው።

ከሸራው ጎን ቆሞ ድምፅ አልባውን ፊልም የሚተርከው ኩማጎሮ ጉሮሮውን ጠረገ።

«የዚህች ልጅ እናት ሰው መስላ ገበሬ ያገባች ቀበሮ አይደለች? የሰው አለባበስ ከየት ታምጣ? እሷ ሰው ሲለብስ ያየችው መቃብር ዳር ነው።» ድምፁን ዝቅ አደረገ። «ቢሆንም አለበሰቻት። እንዳይበርዳት።»

አሮጊቷ አፍንጫዋን በእጅጌዋ ጠረገች።

ሰዉ ሲወጣ ኦቶሴ ኩማጎሮን በሩ ላይ ጠበቀችው። «ጋሼ፣ አዳኑኝ።»

«ያዳንኩትስ ራሴን ነው። ብርቱካን ሊወረውሩብኝ ነበር እኮ።»

«ልጄ ግን...»

«ልጅሽ ጉንፋን ነው የያዛት። ሂጂና ተኚ እትዬ፤ የሙት ፊት ያለሽስ አንቺ ነሽ።»

ሺኖን ከጎረቤት ወሰደቻት። ቤት ገብታ የሌሊት ልብሷን ስታለብሳት ግራውን ከላይ አደረገች፤ ፈትታ እንደገና አደረገች።

«እማ፣ አጠበቅሽው።»

«ዝም በይ።»

«ሰዎቹ ወደዱኝ?»

«አለቀሱልሽ» አለችና ደነገጠች። «ሳቁ። ሳቁ ነው ያልኩሽ።»

ሺኖ ሳለች፤ ተገላብጣም ተኛች። ኦቶሴ ትንፋሿን እያዳመጠች ግንባሯን ዳሰሰች፤ ከጠዋቱ ይልቅ ቀዝቅዞ እንደሆነ መለየት አቃታት። ደክሟት እየተጎተተች ተነሳችና አማቷን ባለበሰችበት በዚያው እጇ የበሩን መወርወሪያ ገፍታ ቆለፈችው።