አምስተኛው ቀዳዳ

«ልጄ፣ ሟቹ እዚያ ሦስት መቶ ሰው ያዝዝ ነበር አሉ፤ እውነት ነው?» አለችው ጎረቤቲቱ እንግዳውን። ወሬ ከሬዲዮ ቀድማ የምታደርስ ሴት ናት።

ከሟቹ ጋር ባሕር ማዶ ቲማቲም ይለቅም የነበረው እንግዳ ልብስ ሰፊውን ቀና ብሎ አየ። ልብስ ሰፊው ፍራሽ ላይ ኩርምት ብሏል፤ ልጁን ከቀበረ ሦስተኛ ቀኑ ነው።

ሦስት መቶውን የፈጠረው ልብስ ሰፊው ራሱ ነው። ልጁ መጀመሪያ የሄደ ዓመት አሥር ነበሩ፤ ለከርሞው መቶ ገቡ፤ ዘንድሮማ ሞት ባይቀድመው አገሩን ሁሉ ሊያሳዝዘው ነበር። የሰው ወገብ በዓይኑ ለክቶ በጣት እንኳ ስቶ አያውቅም፤ ሰፈሩም «ዓይነ ሜትር» ይለዋል። ስሙን ያወጣው ግን ራሱ ነው።

ለልጁ መመለሻ የሰፋው ሙሉ ልብስ አሁንም ምስማር ላይ ተንጠልጥሏል። የሬሳ ሳጥኑ ታሽጎ ስለመጣ ማልበስ አልተቻለም።

«አዎ፣ አለቃችን ነበር» አለ እንግዳው።

«አላልኳችሁም?» ጎረቤቲቱ ለቀስተኛውን ዞራ አየች።

እንግዳው ከቦርሳው የሟቹን ቀበቶ አውጥቶ ለአባትየው ሰጠ። ከፋብሪካው ቀዳዳዎች ወዲያ በምስማር የተበሱ ሌሎች አምስት ነበሩ።

«ይሄ ምንድን ነው?»

«ሲከሳ ነው አባባ። ሱሪው አልቆም ሲለው ይበሳል።»

«ሐኪም የለም እዚያ?»

«ሞልቷል። ግን ታመምኩ ያለ በማግስቱ ወደ አገሩ ይሸኛል፤ ለከርሞም አይጠራም። ሌላ እርሻ እንዳይሄድ የሥራ ፈቃዱ ለአንድ አሠሪ ብቻ ነው።» ድምፁን ዝቅ አደረገ። «አንዴ ልመለስ ብሎ ሻንጣውን አስሮ ነበር። ቤት ደወለና ፈታው።»

ልብስ ሰፊው ያን ስልክ አልረሳውም። ሜትሩን አንገቱ ላይ ጥሎ ደንበኛ እየለካ ነበር። ልጁ «አሞኛል አባዬ፣ ልምጣ?» ሲለው፣ ደንበኛው እንዲሰማለት ጮክ ብሎ «አለቃ ሥራ ጥሎ ይመጣል እንዴ? ቻለው እንጂ!» ብሎ ሳቀ። ልጁም ሳቀለት።

«አለቃ አልነበረም» አለ አሁን። «ቲማቲም ለቃሚ ነበር። አለቃ ያደረግሁት እኔ ነኝ።»

«ኧረ ተው፣ ሐዘኑ ነው የሚያናግርህ» አለች ጎረቤቲቱ።

ልብስ ሰፊው ተነሥቶ ሱሪውን ከምስማሩ አወረደ፤ ቀበቶውን አምስተኛው ቀዳዳ ላይ ቆልፎ ከሱሪው ወገብ ጋር አስተያየው። በጣት ስቶ የማያውቀው ሰው በስንዝር ስቷል።

መነጽሩን አጠለቀ። ስፌቱን በምላጭ ተረተረና፣ በአምስተኛው ቀዳዳ ልክ ያጠብበው ጀመር።