ትናንት እኮ ደህና ነበሩ

«አዳዳ፣ ኤሳ ዴምቱ? ወዴት ነው?»

ሰብለወርቅ አንድ እግሯን ድንጋይ ክምር ላይ እንደሰቀለች ቆመች። ከገፈርሳ ወደ ቡራዩ የሚወርደው አስፋልት በድንጋይና በባሕር ዛፍ ግንድ ተዘግቷል፤ ጎማ ይጨሳል፤ ከማዶ ልጆች ተደርድረዋል። የጠየቃት ረጅሙ፣ ጉታ የሚሉት ልጅ፣ በእጁ ዱላ ይዟል፤ ድምፁ ግን አክስቱን የሚያናግር ነው የሚመስለው።

ምን ትበል? «አስኮ ሄጄ ለድራማ ላለቅስ ነው» ብትል ማን ያምናታል? የገበሬው መሬት በማስተር ፕላን ሊወሰድ ነው ተብሎ አገር በታመሰበት ሰሞን፣ እነዚህ ልጆች ፊት ቴሌቪዥን የሚል ቃል ማንሣትም ጤና አይደለም።

ጉታ ጥቁር ቀሚሷን፣ ለለቅሶ የተዘቀዘቀ ነጠላዋን አየና ዱላውን ዝቅ አደረገ። «የኦቦ ቦጂያ ለቅሶ ነው አይደል?»

«አ... አዎ።»

«ወይ አዳዳ! እርስዎ እንኳን መጡ። ንጋት ላይ አርፈው፣ ቀብሩ ዛሬ ከሰዓት ነው፤ ሰው ግን የለም። ከሰበታ ዘመድ ቀረ፣ ከሆለታም ቀረ። መንገዱ ተዘግቶ እኮ ነው!» አለ፣ መንገዱን ማን እንደዘጋው ጭራሽ የማያውቅ ሰው መስሎ። «ይምጡ፣ እኔ ራሴ አደርስዎታለሁ።»

ሰብለወርቅ አጃቢ ተዋናይ ናት። ዋናዎቹ ቡና ቤት ውስጥ ሲጣሉ ከኋላ ለስላሳ የምትጠጣው፣ ሙሽሮች ሲገቡ እልል የምትለው፣ ሆስፒታል አግዳሚ ላይ ወረፋ የምትጠብቀው እሷ ናት። ዋናው ችሎታዋ ግን ለቅሶ ነው። ሌላው ሽንኩርት ሲያሸት፣ እሷ በፋሲካ ዋዜማ የተሰረቀባትን በግ ታስብና ዕንባዋ ዱብ ዱብ ይላል። አንድ ጊዜ ትከሻዋ ብቻ ታይቶ፣ ባሏ ወንዳፍራሽ ጎረቤቱን ሁሉ ሰብስቦ «ያቻት! ያቻት! ትከሻዋ!» እያለ ሲጮኽ ድራማው አልቆ ማስታወቂያ ገባ።

በዚህ ሁሉ ዘመን አንዲት ቃል ተናግራ አታውቅም። ዛሬ ግን ልትናገር ነው! በአንድ ሀብታም ለቅሶ ላይ ደረቷን መትታ «ወይኔ! ትናንት እኮ ደህና ነበሩ!» ትላለች። በቃ ይኸው ነው። ለዚች ለአንዲት መስመር ስንት ዘመን ለምናለች! ሳምንቱን ሙሉ ወጥ ስታማስልም፣ ልብስ ስታሰጣም ስትለማመደው ከረመች። «ኧረ በቁሜ ቀበርሽኝ፣ ሴትዮ!» ብሎ ተማርሯል ወንዳፍራሽ። ጠዋት እንዲህ ለብሳ ስትወጣም «ሰው ሳይሞት ነጠላ አዘቅዝቆ መውጣት ሟርት ነው!» ብሎ በር ላይ ቆሞ ለመናት። ምን ታድርግ? አጃቢ ልብሱ የራሱ ነው፤ ለብሶ ያልደረሰ ይመለሳል።

ከጉታ ኋላ እየተከተለች ሳለ ስልኳ ጮኸ። አጃቢዎችን የሚያስተባብረው ባርናባስ ነው።

«ሰብልዬ፣ የት ደረስሽ? ካሜራው ተተክሏል እኮ!»

«ለቅሶ እየሄድኩ ነው» አለች በሹክሹክታ።

«ጎሽ፣ በርቺ! ፍጠኚ ብቻ!»

የኦቦ ቦጂያ ግቢ ውስጥ የዕድሩ ድንኳን ተተክሏል። አግዳሚዎቹ ግን ባዶ ናቸው፤ ሁለት ሦስት ሽማግሌዎች፣ ጥቂት ጎረቤት ሴቶች፣ ተረፈች የምትባለው የሟች ልጅ፣ መሐል ላይ ደግሞ አንገታቸውን የደፉ ባለቤታቸው አዴ ወርቅቱ። ሰብለወርቅን ሲያዩ ሁሉም ቀና አሉ። አዲስ ገቢ ለቀስተኛ አልቅሶ ነው የሚገባው፤ ይጠብቋታል።

በጉን አሰበች። በጉ አልመጣ አለ። እዚህ «ቀረጻ!» ብሎ የሚጮኽ የለ፣ «ቁረጥ!» ብሎ የሚገላግል የለ። አፏ የሚያውቀውን አደረገ። ደረቷን መታችና፦

«ወይኔ! ትናንት እኮ ደህና ነበሩ!»

ሽማግሌዎቹ እርስ በርስ ተያዩ።

«እንዴ!» አለች ተረፈች። «አባባ እኮ ሦስት ዓመት አልጋ ላይ ነበር!»

ከኋላ አንድ ሰው ሳቁን በሳል ሊሸፍን ሞክሮ አልሆነለትም። ጉታ ፊቱን በኮፍያው ከለለ። ሰብለወርቅ፣ ምነው መሬት ተከፍታ በዋጠችኝ አለች፤ ወንዳፍራሽ በዚህ ሰዓት ቢያያት ኖሮ ዕድሜ ልኩን አይለቃትም ነበር።

አዴ ወርቅቱ ግን ቀስ ብለው ቀና አሉ። «እውነቷን ነው። ትናንት ደህና ነበር» አሉ። «ማታ ትራሴን አስተካክይልኝ አለኝ። ደግሞ ‹መሬቱን ወሰዱት እንዴ?› አለ። ‹ማን አባቱ ይወስደዋል፣ ይኸው ደጅ ላይ ተኝቷል› አልኩት። ሳቀ! ከሳቀ ስንት ጊዜው! ሦስት ዓመት ታሞ አለፈ ይላል ሁሉም። ማታ እንደሳቀ ግን ማን ያውቃል?» ወደ ሰብለወርቅ ዞሩ። «አንቺ ከየት ነው የምታውቂው፣ ልጄ?»

መዋሸቱ አንገሸገሻት። «እማማ፣ ይቅር ይበሉኝ፣ አላውቃቸውም። መንገድ ተዘግቶብኝ ነው እዚህ የገባሁት። እኔ እኮ...»

«ቆይ፣ ቆይ!» አለች ተረፈች ዓይኗን አጥብባ። «በቴሌቪዥን የምታለቅሰዋ አይደለሽም?»

ይሄኔ አንዱ ሽማግሌ ምናልባት ካሜራ ይኖራል ብለው ጋቢያቸውን አስተካከሉ።

«የትም ታልቅስ» አሉ አዴ ወርቅቱ፤ የነጠላዋን ጫፍ ይዘው አጠገባቸው አስቀመጧት። «አላውቀውም ካልሽ እኔ ልንገርሽ። የሚያውቁት ሰዎች እኮ አይጠይቁኝም።»

ከዚያ ስለ ኦቦ ቦጂያ ነገሯት። በሠርጋቸው ቀን በቅሎዋ ጥላቸው፣ ጭቃ ተለውሰው ሙሽራ ሊወስዱ እንደመጡ ሲነግሯት ሰብለወርቅ ሳቀች፤ ሳቁ ሳያልቅ ዕንባዋ መጣ። በጉ ትዝ አላላትም።

ስልኳ እንደገና ጮኸ።

«ሰብልዬ፣ እልል በይ! ሽማግሌዎች ለምነው መንገዱ ተከፈተ!» ባርናባስ ነው፤ ደስታውን አልቻለውም። «መኪና ልከንልሻል፣ አስፋልቱ ላይ ቆሟል። ሰው ሁሉ አንቺን ነው የሚጠብቀው!»

ሰብለወርቅ ከመቀመጫዋ ብድግ አለች። ልቧ ዘለለ፤ መስመሯ ገና የሷ ናት! ግን ነጠላዋ ሳብ አደረጋት። ጫፉ አሁንም በአዴ ወርቅቱ እጅ ነው። ባዶዎቹን አግዳሚዎች አየች። ቀብሩ ገና ነው። መልሳ ተቀመጠች።

«ባርናባስዬ፣ መስመሯን ከጎኔ ለምታጅበው ለቢታንያ ስጣት።»

«አብደሻል እንዴ? ስንት ዘመን የለመንሽኝን?»

«ስጣት አልኩህ። ግን ደህና አድርገህ ንገራት፤ እንደጨረሰች ወዲያው ፊቷን እንዳታዞር። ምናልባት የሚመልስላት ሰው ይኖራል።»

ስልኩን አጥፍታ ጉያዋ ከተተችው።

«እሺ፣ እማማ» አለች። «በቅሎዋስ?»