የዝውውር ደብዳቤው ቀን

ኩንታላ፣ ካታክ ከተማ፣ ከፍተኛው ፍርድ ቤት ደጅ ላይ የመበለት ነጭ ሳሪ ለብሳ ቆማለች። ባሏ ዲባካር ከሞተ ዛሬ አሥራ ሁለተኛ ቀኑ ነው። እሷ ነርስ ናት፤ ስድስት ዓመት ሙሉ ማልካንጊሪ ጫካ ውስጥ ባለ ጤና ጣቢያ ስትሠራ፣ እሱ በሌላኛው የክፍለ ሀገሩ ጫፍ፣ ባድራክ፣ እናቱ ዘንድ ሆኖ በሳምንት ሁለቴ ኩላሊቱን ይታጠብ ነበር። ፍርድ ቤቱ «በስምንት ሳምንት ውስጥ ወደ ባሏ ከተማ ትዛወር» ብሎ ካዘዘ ሰባት ወር አልፏል። የጤና ቢሮው ሹም ግን ትእዛዙን መሳቢያው ውስጥ አስተኛው።

ስምንቱ ሳምንት እንዳለቀ ጠበቃዋ ራውት «ችሎት በመድፈር እንክሰሰው» ብሏት ነበር። ፈራች። ሰማይ አይታረስ፣ ንጉሥ አይከሰስ ተብላ ያደገች ሴት፣ አለቃዋን ፍርድ ቤት መጎተት ነውር መሰላት። በምትኩ ጣፋጭ በካርቶን አስጠቅልላ፣ እጅ እየነሳች፣ ሦስት ወር ሙሉ ቢሮው ደጅ ጠናች። «ፋይልሽ በሂደት ላይ ነው» እያሉ ጣፋጩን በሉላት። በመጨረሻ ስትከስ የቀረውን ጊዜ ቀጠሮ በላው። ዲባካር ሲሞት እሷ አውቶቡስ ላይ ነበረች፤ ስትደርስ አስከሬኑ ተቃጥሎ አመዱ ቀዝቅዞ ነበር። አማቷ «ብትፈልጊ ኖሮ ትመጪ ነበር» ካሏት ወዲህ አንድ ቃል አልተነፈሱላትም።

ዛሬ ሹሙ ራሱ ዳኛ ፊት እንዲቀርብ ታዟል። እናም ተአምር ነው፣ ደብዳቤው ተፈርሟል። ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ።

የሹሙ ጸሐፊ ደብዳቤውንና የመረከቢያ መዝገቡን ይዞ መጣ።

«ሲስተር፣ እንኳን ደስ አለሽ» ካለ በኋላ ሳሪዋን አይቶ ከንፈሩን ነከሰ። «ማለቴ... ያጽናሽ። እዚህ ጋ ፈርሚልኝ።»

«ቀኑ የት አለ?»

«ቀኑንማ እኔ እሞላዋለሁ። ወሩ በገባ በአምስት እንለዋለን፣ እሺ? ጌታዬ ዳኛው ፊት እንዳያፍሩ ነው። አንቺ ምን ይጎድልብሻል?»

«በአምስት ባሌ በሕይወት ነበር።»

«እሱማ...»

«የሞተው በስምንት ነው። ደብዳቤው በእጄ እያለ ቁጭ ብዬ ነበር ልበል? ለእናቱ ይህን ላንብብላቸው?»

«ሲስተር፣ ነገር አታክርሪ! ነገም ከኛው ጋር ነው የምትሠሪው።»

«ዛሬን ጻፍ። አለዚያ አልፈርምም።»

በሕይወቷ የቢሮ ሰው እንዲህ ስትናገር የመጀመሪያዋ ነው። ጸሐፊው ፊቱን አጨማዶ የዛሬውን ቀን፣ ሃያ ብሎ ጻፈ፤ እሷም ፈረመች።

ችሎቱ አምስት ደቂቃ አልፈጀም። ሹሙ አቀርቅሮ ይቅርታ ጠየቀ። ዳኛው ቀኑን ሲያዩ ከመነጽራቸው በላይ አፍጥጠው ገሠጹት፤ ከዚያ፣ ትእዛዙ ስለተፈጸመ መዝገቡ ተዘግቷል አሉ። ራውት «አሸነፍን» አላት፤ ዓይኗን ግን አላየም። ምን አሸነፈች? ያገኘችው ባሏ ወደሌለበት ከተማ መሄጃ ነው።

ባድራክ ስትደርስ አማቷ በረንዳው ላይ ሩዝ ይለቅሙ ነበር።

«እማ፣ ዝውውሩ ወጣ።»

«መቼ?» ከዚያች ቀን ወቀሳ ወዲህ የመጀመሪያው ቃላቸው ነው።

«ዛሬ። ይኸው ቀኑ፣ ሃያ ይላል።»

አሮጊቷ ማንበብ አይችሉም፤ ቢሆንም ወረቀቱን ተቀብለው ብዙ አዩት። «እንግዲያው ያስቀሩሽ እነሱ ናቸው። እኔ ደግሞ በሰው ልጅ ፈረድኩ።»

እዚህ ላይ ዝም ብትል ነገሩ ያልቅላት ነበር። አልቻለችም።

«እነሱ ብቻ አይደሉም፣ እማ። ጠበቃው ክሰሺ ሲለኝ ፈርቼ ሦስት ወር አባክኛለሁ። ያኔውኑ ብከስ እደርስለት ነበር።»

የአማቷ እጅ ሰፌዱ ላይ ቀረ።

«እሱም ፈሪ ነበር» አሉ። «በሽታው ሲጀምረው፣ እግሩ ሲያብጥ፣ አለቃውን ፈቃድ መጠየቅ ፈርቶ ዓመት ሙሉ የጫማውን ክር እያላላ ሥራ ሄደ። ነርስ ናትና ታውቅብኛለች፣ እንዳትነግሪያት ብሎ አስማለኝ። እኔም ማልኩለት።»

ኩንታላ አጠገባቸው መሬት ላይ ተቀመጠች። ዲባካር ከሞተ ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ አብረው አለቀሱለት።