ከካርዱ የወጣው አባቴ

እጮኛዬ አብዱልመሊክ ዝም ስል ይወደኝ ነበር። «ሐያእ ያለሽ ሴት ነሽ» ይለኛል፤ ዐይነ አፋርነቴንም፣ ድምፄን ዝቅ ማድረጌንም በዚያች በአንዲት ቃል ጠቅልሎ። እኔም ደስ ይለኝ ነበር። ጅል ነበርኩ።

ወልድያ ዩኒቨርሲቲ ሬጅስትራር ቢሮ ነው የምሠራው። ቀኑን ሙሉ የተማሪ ስም አስተካክላለሁ። አንዱ ፊደሉ ተሳስቶበት ይመጣል፣ ሌላው የአያቱ ስም በአባቱ ቦታ ገብቶበት። አብዱልመሊክ ደግሞ መርሳ ላይ የቆርቆሮና የሚስማር መደብር አለው። የሰርጋችንን ጥሪ ካርድ ያሳተመውም እዚያው ነው። ለአባቴ የሚበቃውን ያህል እሱ ወደሚኖርበት ወደ ግራና ላከለት።

አባቴ ካሳዬ ሰይድ ይባላል። አያቴ ከእሱ በፊት ሁለት ወንዶች ቀብራ ስለነበር፣ እሱ ሲወለድ አላህ ካሰኝ ብላ ነው ካሳዬ ያለችው። ሶላት አሳልፎ አያውቅም። ማንበብ ግን አይችልም። በገበያው ቀን ነጭ ቆቡን አድርጎ ካርዱን ለወዳጅ ለዘመዱ ሲያድል ዋለ። አንድ የሽንኩርት ነጋዴ ተቀብሎ ጮክ ብሎ አነበበለት፤ «ሀስና ሰይድ እና አብዱልመሊክ» ይላል። «ካሳዬ፣ አንተ የለህበትም እኮ» አለና ሳቀ። አጠገቡ ያሉትም ሳቁ።

ቅዳሜ ቤት ስደርስ አባቴ የቀሩትን ካርዶች በፌስታል ቋጥሮ ጥግ አስቀምጧቸዋል። «ሀስናዬ፣ ሞቻለሁ እንዴ?» አለኝ።

በነጋታው መርሳ ሄጄ አብዱልመሊክን ጠየቅኩት። ተሳስቷል ይላል ብዬ ነበር።

«እንግዶቼ ከሩቅ ነው የሚመጡት» አለ። «ካሳዬ ሲባል የክርስቲያን ልጅ ያገባሁ ይመስላቸዋል። ሰይድ አያትሽ ነው፤ ምን ጎደለ? ደግሞ በዕለቱ ያንን ባለ አበባ ሻሽሽን ተይልኝ፤ ጥቁር ገዝቼልሻለሁ።»

ባለ አበባውን ሻሽ እናቴም አክስቶቼም እድሜያቸውን ሙሉ ያሰሩት ነው። ፀጉር ይሸፍናል፣ አንገት ይሸፍናል። ከአላህ ጋር ያጣላኝ ቀን የለም።

«ሻሹን ተወው። የአባቴ ስም ይመለስና ካርዱ እንደገና ይታተም» አልኩት።

«ኧረ ሐያእ ይኑርሽ። ሴት ልጅ ስለ ካርድ ትከራከራለች?»

ዝም አልኩ። የተስማማሁ መሰለውና ወደ ደንበኛው ዞረ።

አብራኝ የምትሠራው ፍሬሕይወት ስትሰማ ከእኔ ብሳ ተናደደች። «ዛሬውኑ ቀለበቱን ወርውሪለት» አለችኝ።

«ቀለበት ብመልስ በጓዳ ያልቃል» አልኳት። «በአባቴ ሰው ያሳቀው ገበያ መሀል ነው።»

ሦስት ሳምንት ሙሉ ቂሜን እንደ ሊጥ ሸፍኜ ያዝኩት። ኩፍ አለ። ሶላት ላይ እንኳ ይመጣብኛል፤ ይቅር ማለት እንዲቀለኝ ዱዓ ላደርግ እጄን አነሳና ሳላደርግ እመልሰዋለሁ።

የሰርጉ ቀን ድንኳን በአባቴ ግቢ ተተከለ። ኒካህ ከመታሰሩ በፊት ሁለት ምስክሮች ሙሽራይቱ ወዳለችበት ይመጡና አባትሽን ወክለሻል ወይ ብለው ይጠይቃሉ። ልጃገረድ ታፍራለች ስለሚባል መልስ አይጠበቅባትም፤ ዝም ካለች ፈቀደች ማለት ነው። መልስ የሰጠች ሙሽራ አይቼ አላውቅም።

ባለ አበባ ሻሼን አስሬ፣ መስኮቱ ሥር ተቀምጬ ጠበቅኳቸው። ሽማግሌው ምስክር አብዱልመሊክ የሞላውን ወረቀት አነበቡ።

«ሀስና ሰይድ፣ አብዱልመሊክን ለማግባት አባትሽን ወክለሻል?»

«አባባ፣ አንቱ የጠሯት ሴት እዚህ ቤት የለችም» አልኩ።

እልል ሊሉ የተነሱት ሴቶች አፋቸውን ያዙ።

«ምን አልሽ ልጄ?»

«እኔ ሀስና ካሳዬ ነኝ። የአባቴን ስም ከካርዱም ከወረቀቱም ያወጣው አብዱልመሊክ ነው። እሱ ራሱ በማይክ ይመልሰው። ያን ጊዜ መልስ እሰጣለሁ።»

ድምፄን ከፍ አላደረግኩም። መስኮቱ ክፍት ስለነበር ድንኳኑ ሰማኝ።

ኒካሁን የሚያስሩት ሸህ ወረቀቱን አስመጥተው አዩት። ከዚያ አባቴን አዩት፤ አባቴ መሬት መሬት ያያል። ማይኩን ለአብዱልመሊክ ሰጡት። በመጋረጃው ቀዳዳ አየዋለሁ፤ ሁለት ጊዜ ጉሮሮውን ጠረገ።

«ሀስና ካሳዬ» አለ።

«ለምን ነበር ያወጣኸው?» አሉት ሸሁ።

«እንግዶቼ… የክርስቲያን ልጅ እንዳትመስላቸው ብዬ ነው።»

ክርስቲያን ጎረቤቶቻችን፣ ለብቻ የታረደላቸው፣ ድንኳኑን እኩል ሞልተው ተቀምጠዋል። ከሩቅ የመጡት እንግዶቹ ራሳቸው አቀረቀሩ። የአብዱልመሊክ ግንባር በላብ ረጠበ። ደስ አለኝ። አላህ ይቅር ይበለኝ፣ በጣም ደስ አለኝ።

ምስክሮቹ ተመልሰው መጡ። «ሀስና ካሳዬ፣ አሁንስ አባትሽን ወክለሻል?» አሉ ሽማግሌው። ዝም እንደምል እርግጠኛ ስለነበሩ ለመውጣት ዞረዋል።

«አልፈቀድኩም» አልኳቸው።

አክስቴ ጭኔን ቆነጠጠችኝ። «ምን ነካሽ? ስሙን መለሰልሽ እኮ!»

«የመለሰው የአባቴን ነው» አልኳት። «እኔ ግን ለእሱ አልሆንም።»

ውጭ ጉምጉምታው ቀለጠ። አባቴ ተነሳ፤ ጋቢውን አስተካክሎ ማይኩን ከሸሁ ተቀበለ። ማይክ ይዞ ስለማያውቅ አፉ ላይ ለጠፈው።

«ካሳዬ ሰይድ ነኝ፣ የሀስና አባት» አለ። «ልጄ አልፈቀደችም፤ ስለዚህ የምድረው ሰው የለኝም። ምሳው ግን የእኔ ነው፤ ሳይበላ የሚሄድ የለም። ለአብዱልመሊክ አስቀድሙለት፤ እንግዳችን ነው።»

አቀረቡለት። ሰው ሁሉ እያየው እምቢ ማለት አልቻለም። ቀና ሳይል በላ፤ እኔም እስኪጨርስ አየሁት።