የጃካርታ ጾመኞች ሰዓት

አገራቸውን ረግጣ ለማታውቅ ልጅ፣ ከባሕር ማዶ ያሉ ወጣቶች ምን አይተው እንደሚስቁ፣ ምን ሲያዩ ሆዳቸው እንደሚባባ ማን ይነግራታል? ሮተርዳም አጠገብ፣ ካፔለ አን ደን አይሰል በምትባል ከተማ ባለው ቤታችን መስኮት ሥር ተቀምጬ ይህን ስንቴ እንዳሰላሰልኩት እግዜር ነው የሚያውቀው።

የልጅ ልጄ ሐምራዊት እንጀራዋ ይኸው ነው። ሮተርዳም ባለ አንድ ትንሽ ቢሮ ተቀምጣ፣ የኢንዶኔዥያ ወጣቶች በስልካቸው የሚያዩትን ታቅዳለች፤ ምግቡን፣ አለባበሱን፣ ቀልዱን፣ ጨዋታውን። ቋንቋቸውን ዩኒቨርሲቲ ተምራዋለች። መጀመሪያ ስትነግረኝ፣ ይህ ደግሞ ሥራ ነው ወይ ብያታለሁ። እናቷ ፋናዬ ሌላ ከተማ፣ ኦስዶርፕ እየኖረች የአረጋውያን መጦሪያ ውስጥ ሌሊት ትሠራለች። እኔም ዴን ሃግ፣ ትራንስቫል ሰፈር ሳለን አሥራ አንድ ዓመት ቢሮ ጠርጌአለሁ። ለእኛ ሥራ ማለት ማታ ወገብን የሚቆርጥ ነገር ነው።

አስተያየቴ የተለወጠው ሥራዋን ቤት ይዛ መምጣት ስትጀምር ነው። በዚያ ዓመት የእነሱ ረመዳንና የእኛ ሁዳዴ በአንድ ሰሞን ዋሉ። ሐምሪ የወሩን ቀናት በሙሉ ትልቅ ወረቀት ላይ በሣጥን በሣጥን ከፋፍላ ሳሎን ግድግዳ ላይ ለጠፈችው። በየሣጥኑ የምትጽፈው የሚታየውን ብቻ አይደለም፤ የሚያየው ሰው በዚያች ሰዓት የት እንደተቀመጠ፣ ከማን ጋር እንደሆነ ሁሉ ትጽፋለች። «ይቺኛዋ ጃካርታ ተማሪ ናት፣ ቤተሰቦቿ ሱማትራ ናቸው። ኪራይ ክፍሏ ውስጥ ብቻዋን ነው የምታፈጥረው፣ ያላት ዕቃ ሩዝ ማብሰያ ብቻ ነው» ትለኛለች፣ ጎረቤታችን ያለችውን ሰው የምትነግረኝ ይመስል። ቆይቼ እኔም ስለዚያች ልጅ መጨነቅ ጀመርኩ። በሩዝ ብቻ እንዴት ይሆናል?

አንድ ቀን፣ «ኦማ» አለችኝ፤ ደቾቹ አያታቸውን እንደሚጠሩት ነው የምትጠራኝ። «ስትጾሚ የትኛዋ ሰዓት ናት የምትከብድሽ?»

«የመጨረሻዋ ናታ። በዚያች ሰዓት ምግብ የሚያሳየኝ ሰው ጠላቴ ነው። የሚያስቀኝ፣ እጄን ሥራ የሚያስይዘኝ ግን ይባረክ።»

ሳቀችና ጻፈችው። ለካ ቢሮ ውስጥ ሁሉም ለዚያች ሰዓት ያቀዱት ጥብሱንና ጣፋጩን ነበር። ማግስቱን ሄዳ፣ በዕድሜ ከሚበልጧት ጋር ተከራክራ፣ ከማፍጠሪያ በፊት ያለችውን ሰዓት ከምግብ አጸዳቻት። በምትኩ ቀልድና ውድድር አስገባች። ሁለት ሳምንት ሳይሞላ ተመልካቹ እጥፍ ሆነ አሉ። ከእኔ አፍ የወጣች አንዲት ቃል ጃካርታ ደረሰች! እሷ ባትሆን ማን ያደርሳት ነበር?

የወጥ ቤቴን ሰዓትም ለሥራዋ አዋለችው። ሰዓቴ የሚቆጥረው እንደ አገራችን ነው፤ የደች ሰዓት አሥር ሲል የእኔ አራት ይላል። ጃካርታ ደግሞ ሆላንድን በስድስት ሰዓት ትቀድማለች። አንድ ጠዋት ሐምሪ ስልኳንና ግድግዳውን እያፈራረቀች ስታይ ቆየችና ሳቀች። የእኔ ረፋድ አራት፣ የእነሱ ከሰዓት በኋላ አራት ነበር። ከዚያ ወዲህ ዕቅዷን ስትሠራ ዓይኗ እዚያው ነው፤ ያየችውን ወደ ደች ሰዓት መልሳ ትጽፋለች።

ታዲያ አለቃዋ አንድ ነገር አለቻት። የመጨረሻውን የጾም ቀን ሐምራዊት ብቻዋን ትመራዋለች፣ ካማረላት ለአንድ ዓመት ጃካርታ ሄዳ ትሠራለች። ይህን ስትነግረኝ ዓይኗ እንደ መስታወት ያበራ ነበር። አፌ እግዚአብሔር ይርዳሽ አለ። ሆዴ ግን ሌላ ይል ነበር፤ ማን ያስታምማታል? ምን ትበላለች? መንገዱስ ያ ሁሉ ሞተር ብስክሌት?

ለዚያ ቀን ያቀደችውን ስሰማ ግን አድናቆት አፌን አስያዘኝ። ለበዓሉ አገራቸው መግባት ያልቻሉትን፣ በየኪራይ ክፍላቸው የቀሩትን የጃካርታ ወጣቶች አስባ፣ እናቶቻቸው ከየገጠሩ ሰላምታ እየቀዱ እንዲልኩ አደረገች። ልጆቹ አያውቁም። ልክ ፀሐይ ስትጠልቅ፣ እዚህ ሆላንድ እኩለ ቀን ላይ፣ በደች አቆጣጠር አሥራ ሁለት ሰዓት ሲሆን፣ ዴዊ የምትባለው የጃካርታ ባልደረባዋ «በሉ፣ አፍጥሩ» ትልና እናቶቹ አንድ በአንድ ይታያሉ።

ያ የእነሱ የመጨረሻ የጾም ቀን እሑድ ዋለ። ዕለቱ ገብር ኄር ነበር፤ ብርድ ይዞኝ ግን ቤተ ክርስቲያን አልሄድኩም። ሐምሪ ፀጉሯን ታጥባ ፎጣ ጠምጥማ መጣች። ሁሉም ነገር ተጭኗል፣ ሰዓቱን ጠብቆ ራሱ ይወጣል አለችኝና ሰዓቴን ልታዞር ወንበር ስባ ወጣችበት። ለካ ሌሊቱን የበጋው ሰዓት ገብቶ፣ አገሩ ሁሉ ሰዓቱን አንድ ሰዓት ወደፊት አዙሯል።

«ተይው፣ በጾም ሰዓቴን አላስነካም» አልኳት። «እኔ የምጾመው በፀሐይ ነው እንጂ በመንግሥት አይደለም።»

እየሳቀች ወረደች። ስልኳ አሥራ አንድ ከሃያ ይላል፣ የእኔ አራት ከሃያ።

እኔ ደግሞ መጨነቅ ሥራዬ ነው፤ የግድግዳ ሰዓቴን ትኩር ብዬ ማየት ጀመርኩ። በአገራችን ሰዓት የሚያዞር የለም። የጃካርታዎቹስ? ካላዞሩ፣ ሐምሪ አሥራ ሁለት ብላ የጻፈችው ሲደርስ የእኔ ሰዓት አምስት ነው የሚለው፤ የእነሱም አምስት። ፀሐይ የምትጠልቅባቸው ስድስት ላይ። ያን ሁሉ ጾመኛ ልጅ፣ በዚያች በመጨረሻዋ ሰዓት፣ በገዛ እናቱ ፊት ብላ ሊሉት ነው። ጾም ማስገደፍ!

እውነቱን ልጻፍ፤ ወዲያው አልተናገርኩም። ዝም ብል ሥራው ይበላሻል፣ ልጄም ከጎኔ ትቀራለች። አንድ ብርጭቆ ውሃ ቀድቼ ጠጣሁ። ውሃው መራራ ሆነብኝ።

«ሐምሪ፣ እነዚያስ ልጆች ሰዓታቸውን አዙረዋል?»

«አይ፣ እዚያ እኮ...» ብላ ቆመች። ፎጣው ከራሷ ወደቀ።

እኔ ብሆን ደረቴን እደቃ ነበር። እሷ ግን፣ «ዋክት ኤቨን» አለችኝ፤ ቆይ ማለቷ ነው። ኮምፒውተሯን የወጥ ቤት ጠረጴዛ ላይ ከፈተች። ውሃው ከፀጉሯ ትከሻዋ ላይ ይንጠባጠባል። በአንድ እጇ ለዕለቱ የተጫኑትን አሥራ አንድ ዝግጅቶች ተራ በተራ እየከፈተች ሰዓቱን ታርማለች፤ በሌላው ስልኩን ይዛ ለዴዊ በቋንቋቸው ረጋ ብላ ታስረዳለች። ቀጥላ ለአለቃዋ ደወለችና በደችኛ ስሕተቱ የእኔ ነው፣ እያረምኩ ነው አለቻት። ሠንጠረዡን ያ ሁሉ የቢሮ ሰው አይቶት ነበር፤ የማንንም ስም አላነሣችም። ለአሥራ ሁለት አራት ደቂቃ ሲቀር የመጨረሻውን ዘጋች።

አሥራ ሁለት ሆነ፤ እናቶቹ አልወጡም። አንድ ሰዓት ያህል ቀልዱና ውድድሩ ሄደ። ከዚያ፣ ፀሐያቸው ስትጠልቅ፣ እናቶቹ ወጡ፤ አንዷ ዶሮ ታቅፋ፣ አንዷ የት እንደምታይ ጠፍቷት። ከሥር መልእክቱ እንደ ዝናብ ወረደ። ሐምሪ አንዱን ተረጎመችልኝ፤ የእናቴን ድምፅ ስሰማ ቴምሩ አልዋጥ አለኝ ያለች ልጅ ነበረች። የሱማትራዋ ትሆን ብዬ አሰብኩ። አለቀስኩም።

አለቃዋ ደወለች። ሐምሪ ብዙ አዳምጣ፣ ትንሽ ተናግራ ዘጋችና አጠገቤ ተቀመጠች።

«ጃካርታው ተፈቀደልሽ?»

«ተፈቀደ። አልሄድም አልኳት።»

«ለምን?»

«እስከ ነገ አስቢበት አለችኝ። ምኑን አስባለሁ፣ ኦማ? ብቻሽን ሜትሮ ተሳፍረሽ አታውቂም። ሐኪም ቤት ማን ይወስድሻል? እማዬ እንደሆነች ሌሊት ሠርታ ቀን ትተኛለች።» ይህን ያለችው ፈገግ ብላ ነው፤ እጇ ግን የጠረጴዛውን ጨርቅ ይጨመድድ ነበር።

ዕለቱ ገብር ኄር። ቤተ ክርስቲያን ብሄድ ኖሮ መክሊቱን ስለቀበረው ሰው ሲነበብ እሰማ ነበር። ልጄ ደግሞ የእሷን መክሊት በእኔ ነጠላ ጠቅልላ ልትቀብረው ነው። በአፌ ብነግራት ትረታኛለች፤ ክርክሩን ከቢሮ ተምራ መጥታለች።

ተነሣሁ። ካፖርቴን ደረብኩ፣ ነጠላዬን ከላይ ጣል አደረግሁ። ኦቪ የሚሉትን የመሳፈሪያ ካርዴን ከመሳቢያው አወጣሁ። ፋናዬ ዘንድ፣ እስከ ኦስዶርፕ፣ ሜትሮም፣ ባቡርም፣ ትራምም አለ፤ ሁሉንም ብቻዬን ልሳፈር ነው።

«ኦማ? ወዴት ነው?» አለችኝ።

ጫማዬን አጥልቄ ወጣሁ፤ በሩንም ከኋላዬ ሳብ አድርጌ ዘጋሁት።