በስቅለት የፈሰሰ ውሃ

አባቴ ኦዲሎን ለሽሮፕ ገንዳቸው የነበራቸው ክብር ለደብሩ ቄስ ከነበራቸው አያንስም ነበር። ቄሱ ሲሳሳት "ምን ይደረግ፣ ሰው ነው" ብለው ያልፉታል። ገንዳው ላይ ቆሞ ለተሳሳተ ግን ይቅርታ የሚባል ነገር አያውቁም።

በእኛ በሾዲየር ወንዝ ዳር ክረምቱ ሊወጣ ሲል ሁሉም ቤት ሥራው አንድ ነው። የሜፕል ዛፎቹን እንበሳለን፣ ትንሽ የብረት አሸንዳ እንሰካለን፣ ከሥሩ ባልዲ እንሰቅላለን። የሚንጠባጠበው ነገር ለዓይን ውሃ ነው፤ እኛም ውሃ ነው የምንለው። ከደኑ መሃል ባለችው ጎጆ ውስጥ፣ በረጅሙ የቆርቆሮ ገንዳ፣ በእንጨት እሳት ሲፈላ ሲፈላ ውሎ ነው ሽሮፕ የሚሆነው። አርባ ባልዲ ውሃ አንድ ባልዲ ሽሮፕ ቢወጣው ነው።

እኔ ጊስሌን ከልጅነቴ ጀምሮ ባልዲ ተሸክሜያለሁ፣ እንጨት ፈልጬያለሁ፣ ፈረሱን በደን ውስጥ ነድቻለሁ። ገንዳውን ግን ነክቼ አላውቅም። ገንዳ የወንድ ነው። አባቴ ደግሞ ወንድ ልጅ አልወለዱም። የወለዱት እኔን ብቻ ነው፤ አንዳንዴ ሲያዩኝ ምርጫው የእኔ የነበረ ይመስላቸዋል።

ያን ዓመት በየካቲት ወደ ከብቶቹ ቤት ሲሄዱ የበረዶ ግግር አንሸራተታቸውና ቀኝ ክንዳቸው ተሰበረ። እዚያው እንደተጋደሙ መጀመሪያ የተናገሩት ስለ ሐኪም አልነበረም። "ኖርማንን ጥሩልኝ" አሉ። ኖርማን የወንድማቸው ልጅ ነው፣ ከወንዙ ማዶ የራሱ ደን አለው። ሆዱ ትልቅ ነው፣ አፉ ከሆዱ ይበልጣል። ሽሮፕ ማፍላት ግን ያውቅበታል፤ ዋሽቼ ምን አገኛለሁ።

ያን ዕለት ማታ ክንዳቸው ታስሮ ከምድጃው አጠገብ ተቀምጠው ሳለ፣ ለኖርማን የራሱ ደን ይበቃዋል፣ የእኛን እኔ ላፍላ አልኳቸው። አባቴ ግድግዳውን ያዩ ጀመር። መልስ የሚጠብቁት ከግድግዳው ይመስል ነበር። ካልሲ የምትጠግነው አክስቴ ፈርናንድ፣ የአባቴ ታናሽ እህት፣ ቀና ብላ እንኳ አላየችንም።

"ኦዲሎን፣ ልጅቷ አርባ ዓመቷ ነው" አለች። "መቼ ትጠይቅህ፣ ሬሳ ሳጥን ውስጥ ሆና ነው?"

አባቴ ፊታቸውን ከግድግዳው መለሱ።

"እስከ ፋሲካ ሞክሪ። በፋሲካ ገበታችን ላይ የራሳችን ሽሮፕ ከቀረበ፣ ያውም ወርቅ የመሰለ፣ ገንዳው ያንቺ ነው። ካልቀረበ ወይም ከጠቆረ ኖርማን ይረከባል። ደኑንም ጭምር።"

እዚያ ደን ውስጥ የማላውቀው ዛፍ የለም፤ ሌላ ቤት፣ ባል፣ ልጅም የለኝም። የፋሲካው ገበታ ደግሞ ቀልድ አይደለም። በየዓመቱ ከቅዳሴ በኋላ ዘመድ አዝማድ ሁሉ እኛ ጎጆ ይሰበሰባል፤ በዚያ ገበታ ላይ የሌላ ሰው ሽሮፕ ቀርቦ አያውቅም።

መጋቢት ገባ፣ ባልዲዎቹን ሰቀልኩ። ዛፉ ውሃ የሚሰጠው ሌሊቱ ሲቀዘቅዝና ቀኑ ሲሞቅ ነው። ያን ዓመት ግን ሌሊቱም በረዶ፣ ቀኑም በረዶ ሆነ። ባዶ ባልዲዎች በነፋስ እየተጋጩ ደኑን የላም ቃጭል አስመሰሉት። ኖርማን እሁድ እሁድ ብቅ እያለ አንዱን ባልዲ ጎንበስ ብሎ ያያል፣ ከዚያ "ዛሬስ ስንት ሞላሽ?" ይለኛል። እኔ እንጨት መፍለጤን እቀጥላለሁ።

ሳምንታቱ በዚሁ አለቁና ስቅለት ደረሰ። ጠዋት ከጣሪያው የሚንጠባጠብ ውሃ ቀሰቀሰኝ። ፀሐዩ ገና ሲወጣ ይሞቃል። ጫማዬን በወጉ ሳላስር ወደ ደኑ ሮጥኩ። ሁሉም አሸንዳ ይፈሳል። ጠብ ጠብ እንኳ አይደለም፣ ይወርዳል። ረፋዱ ላይ ባልዲዎቹ ሞልተው መሬት ላይ ይፈሱ ነበር። ብቻዬን ሳቅሁ፣ አንዱን ዛፍ አቅፌ ሳምኩት። ከዚያ ቀኑ ምን እንደሆነ ትዝ አለኝና ሳቄ ጠፋ።

በእኛ ቤት በስቅለት ዛፍ አይበሳም፣ ከገንዳው ሥርም እሳት አይነድም። ከሐሙስ ማታ እስከ ቅዳሜ ጎህ ድረስ ምድጃው አመድ ነው። በስቅለት የፈላ ውሃ ደም ይሆናል ይባላል። አያቴ ገንዳው ቀልቶ ያየ ሰው አውቃለሁ ትል ነበር፣ ስሙን ስትጠየቅ ግን ትቆጣለች። ውሃውን መሰብሰብ አይከለከልም፣ ላምም በስቅለት ትታለባለችና። እኔና አክስቴ ሰብስበን በርሜሎቹን ሁሉ ሞላን። ችግሩ ሙቀቱ ነው። ውሃው እንደ ወተት ነው፣ ሙቀት ውስጥ ከዋለና ካደረ ይደፈርሳል። የደፈረሰ ውሃ ሽሮፑ ይጠቁራል፣ የጠቆረው ደግሞ ለትምባሆ ማጣፈጫ እንጂ ለገበታ አይሆንም።

ኖርማን ከወንዙ ማዶ መጥቶ በርሜሎቹን አየና ወደ ጆሮዬ ጠጋ አለ። "አጎቴ ቤተ ክርስቲያን ሲሄድ ለኩሺው፣ ጭስ አይናገርም" አለኝ።

"አንተ ዛሬ ለኩሰሃል?" አልኩት።

"እኔማ ሚስቴ ትገድለኛለች።"

ጭስ ባይናገር እሱ እንደሚናገር አላጣሁትም። ብለኩስ ኖሮ ወሬው ከሽሮፑ ቀድሞ ገበታው ላይ ይቀርብ ነበር። ሽሮፑ ወርቅ ቢሆንም እንኳ "የስቅለት ሽሮፕ" ተብሎ የሚቀምሰው አይገኝም ነበር። ግን ለወሬው ብዬ ብቻ አይደለም የተውኩት። እናቴ በሕይወት ሳለች ሐሙስ ማታ ገንዳውን በነጭ ጨርቅ ትሸፍነው ነበር። ከሞተች በኋላ የምሸፍነው እኔ ነኝ። ያንን ጨርቅ ገልጬ እሳት የማነድበት ልብ አልነበረኝም።

ኖርማን ሲሄድ ከጎጆው ጀርባ ሄጄ፣ ፀሐይ በማይደርስበት በኩል በተቆለለው በረዶ ላይ ተቀምጬ አለቀስኩ። ደኑ ሲሄድ ታየኝ። ኖርማን የእኔን ዛፎች ሲበሳ ታየኝ። ብዙ አለቀስኩ። በመጨረሻ ያስነሳኝ መቀመጫዬ ነው፤ ከመቀዝቀዙ የተነሳ የእኔ አልመስል ብሎኝ ነበር። ተነስቼ የተቀመጥኩበትን ቦታ አየሁት። በረዶው የሰው ቁመት ያህላል፣ ሙቀቱም ገና አልነካውም። እንደ እብድ "አክስቴ!" እያልኩ ሮጥኩ።

ፈረሱን ከበረዶ ጋሪው ጋር አሰርነውና በርሜሎቹን አንድ በአንድ ወደ ጎጆው ጀርባ አመጣን። በረዶውን በአካፋ ቆፍረን ጉድጓድ አበጀን፣ በርሜሎቹን እስከ አንገታቸው ቀበርናቸው፣ በላያቸው የጥድ ቅርንጫፍ አለበስን፣ ከዚያም ሌላ በረዶ ቆለልንበት። አክስቴ ለስግደት የለበሰችውን ጥቁር ቀሚስ ወገቧ ላይ ሸብ አድርጋ፣ የአባቴን የጎማ ጫማ ተጫምታ ነበር። የሰባ ሁለት ዓመት ሴት ናት። አካፋ ስትይዝ ግን ዕድሜዋን ማን ያስታውሳል።

አባቴ ከቤተ ክርስቲያን ሲመለሱ ደረሱብን። ክንዳቸውን በጨርቅ እንዳንጠለጠሉ ቆመው ጉድጓዱን አዩ፣ እኔን አዩ፣ እህታቸውን አዩ።

"በስቅለት ይሄ ሥራ አይደለም?" አሉ።

"መቅበር በስቅለት ይፈቀዳል" አለች አክስቴ አካፋዋን ሳታቆም። "ዮሴፍና ኒቆዲሞስም ቀብረዋል።"

የአባቴ ጢም ሲንቀጠቀጥ አየሁ። ፊታቸውን ቶሎ አዞሩ፣ ትከሻቸው ግን አሳበቀባቸው። እየሳቁ ነበር።

ቅዳሜ ጎህ ሲቀድ በረዶውን ገልጠን የመጀመሪያውን በርሜል ከፈትኩ። ከላይ ስስ ግግር ይዟል፣ ከሥሩ ውሃው ታች ያለውን እንጨት እስኪያሳይ ጥርት ብሏል። ግግሩን እያነሳሁ ወረወርኩ። ግግር የሚሆነው ባዶ ውሃ ነው፤ ስኳሩ ከሥር ይቀራል። እሳቱን ለኮስኩ። አባቴ ወንበራቸውን ከማዕዘኑ አድርገው ተቀመጡ። እንፋሎቱ ጣሪያው ላይ ባለው መክፈቻ መውጣት ጀመረ። የአባቴ ዓይን ከእጄ ላይ አልወረደም።

በእኛ ዘንድ ጾም እስከሚፈታበት እስከ እኩለ ቀን መልካም ሄደ። ውሃው ከገንዳው አንድ ጫፍ ገብቶ በክፍሎቹ እየዞረ ወደ ሌላው ጫፍ ሲደርስ ይወፍራል፣ ቀለሙም ይመጣል። የመጀመሪያው ሽሮፕ ሊወጣ ሲል ያስገባሁት እንጨት እጅግ ደረቅ ኖሮ እሳቱ ባንዴ ጮኸ። ጉድ ፈላ። አረፋው ከገንዳው በላይ ተነሳ። ለዚህ ጊዜ መድኃኒቱ ከገንዳው በላይ በገመድ የሚንጠለጠለው የአሳማ ጮማ ነው፤ አረፋው ሲነካው ይወርዳል። ቀና ስል ገመዱ አለ፣ ጮማው የለም።

"ጮማው የት ሄደ?" አልኩ።

አክስቴ የባቄላውን ድስት ማማሰል አቆመች።

"አንጠልጥላችሁ የረሳችሁት መስሎኝ" አለች። "ባቄላው ውስጥ ነው።"

አባቴ ከወንበራቸው ዘለው ተነሱ። በግራ እጃቸው ጭልፋውን ሊነጥቁኝ ተንደረደሩ። ትንሽ ቢዘገይ ሽሮፑ ገንፍሎ እሳት ላይ ይፈሳል፣ የቀረው ያራል፣ ገንዳውም ይቃጠላል። እኔ ግን ጭልፋውን አልለቀቅኩም።

"ይቀመጡ አባባ" አልኳቸው።

በሕይወቴ እንደዚያ ተናግሬያቸው አላውቅም፣ የተናገራቸው ሰውም አላውቅም። እጃቸው አየር ላይ ቀረ። እኔ ለምሳ ከተዘጋጀው ዳቦ ላይ ቅቤውን በጣቴ ዛቅ አድርጌ ገንዳው ውስጥ ወረወርኩ። አረፋው በረጅሙ እንደ ተነፈሰ ሰው ቁጭ አለ። የምድጃውን በር ከፍቼ እሳቱን አበረድኩ። ጭልፋውን ነክሬ አነሳሁት። ሽሮፑ ጠብ ጠብ ማለቱን ትቶ ከጭልፋው ከንፈር እንደ ስስ መጋረጃ ሰፍቶ ወረደ። ደርሷል ማለት ነው። ቧንቧውን ከፈትኩና ቀዳሁ። ዞር ስል አባቴ ተቀምጠዋል።

እሁድ ጎጆዋ በሰው ተጨናነቀች። የአተር ሾርባ፣ የአሳማ እግር፣ በሽሮፕ የተቀቀለ እንቁላል፣ እንዲሁም ያ ጉደኛ ባቄላ ቀረበ። አባቴ ከመብላታቸው በፊት እንደ ልማዳቸው አንዱን ጠርሙስ አንስተው ወደ መስኮቱ ያዙት። ፀሐዩ በጠርሙሱ አልፎ ፊታቸው ላይ ቢጫ ብርሃን ጣለ።

"እኔ እንዲህ ያለ አውጥቼ አላውቅም" አሉ።

ጭብጨባው ጎጆዋን ሊያፈርሳት ምንም አልቀረውም። ኖርማን ቀመሰ፣ አፉን አጣጣመ።

"ትንሽ ቅቤ ቅቤ ይላል" አለ።

"ቅናት ቅናት የሚለው ምላስህ ነው" አለችው አክስቴ፣ ሳህኑንም እንደገና ሞላችለት። እኔ በልቼ ጠግቤ አላውቅም እንደዚያ ቀን። አንጀቴ ቅቤ ጠጣ።

ከምግቡ በኋላ ልጆቹ ውጭ ወጥተው ትኩሱን ሽሮፕ በረዶ ላይ እያፈሰሱ በእንጨት ሲጠቀልሉ፣ አንደኛዋ ባልዲዎቹ እንደገና ሞልተዋል ብላ መጣች። ሙቀቱ ውሃውን አምጥቶት ነበር። ኖርማን የመጀመሪያው ሆኖ ተነሳ። ቀበቶውን ከፍ አድርጎ፣ በሙሉ ድምፁ፣ ሰው ሁሉ እየሰማ አባቴን ጠየቃቸው።

"አጎቴ፣ እሳቱን ላንድድ?"

አባቴ ጢማቸውን በመሐረብ ጠረጉ።

"እኔን ለምን ትጠይቀኛለህ?" አሉ። "ባለ ገንዳዋ ያቻትልህ።"

ኖርማን ወደ እኔ ዞረ። ፊቱ ከአንገቱ ጀምሮ ሲቀላ ይታየኝ ነበር። ሆኖም የዘመድ ልጅ ነውና ጠየቀኝ፤ ድምፁ ግን ዝቅ ብሏል።

"ጊስሌን፣ እሳቱን ላንድድ?"

"እሳቱን የማነደው እኔ ነኝ" አልኩት። "አንተ እንጨት አምጣ።"

ወጣ። ዘመዶቻችን ሁሉ በመስኮቱ እያዩት፣ የፋሲካ ሱሪውን እንደ ለበሰ፣ እንጨቱን እስከ አገጩ ታቅፎ መጣ፣ ደረቁን ከእርጥቡ ለይቶም ከእግሬ ሥር ደረደረልኝ።